ስለ ማርጋሪታ ሺርጉ ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

የስፔናዊውን ገጣሚና ጸሐፌ ተውኔት የፌዴሪኮ ጋርሲያ ሎርካን ተውኔት ያነበበ ወይም ያየ ሰው ይህችን ስም አንድ ቦታ ላይ ማግኘቱ አይቀርም። ብዙ ጊዜ ግን ከገጹ ግርጌ ነው። "መጀመሪያ የተጫወተችው ማርጋሪታ ሺርጉ ናት" ይባልና ይታለፋል። ጥያቄው የሚጀምረው ከዚያ በኋላ ነው። ሰዎች ደጋግመው የሚያነሷቸውን ሰብስቤ እንደ አቅሜ መልሻለሁ። ዓመቶቹ በሙሉ እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።

ማርጋሪታ ሺርጉ ማን ናት?

ስፔናዊት ተዋናይት ናት። ጁን 18 ቀን 1888 ባርሴሎና አጠገብ፣ ሞሊንስ ደ ሬይ በምትባል ከተማ ተወለደች። ኤፕሪል 25 ቀን 1969 ከአገሯ ውቅያኖስ ተሻግራ፣ በዑራጓይ ዋና ከተማ በሞንቴቪዴዮ አረፈች። ስልሳ ዓመት ያህል ከመድረክ አልራቀችም። ስትጫወት፣ ስታዘጋጅ፣ ስታስተምር ኖረች።

"የሎርካ ተዋናይት" ይሏታል። ውሸት አይደለም፤ ግን ይጎድለዋል። ሲተዋወቁ እሷ ስመ ጥር ነበረች። እሱ ደግሞ አንድ ተውኔት ማድሪድ ላይ አሳይቶ ተመልካች ያፌዘበት ወጣት ገጣሚ ነው። በሩን ያንኳኳው እሱ ነው፤ የከፈተችለት እሷ።

አንድ ነገር ከአሁኑ ያዙልኝ። ሺርጉ የራሷ የቴአትር ቡድን ባለቤት ነበረች። የትኛው ተውኔት መድረክ ላይ እንደሚወጣ የምትወስነው እሷ ናት። ትኬቱ ካልተሸጠም ኪሳራው የእሷ ነው። ከዚህ በታች የምታነቡት ታሪክ ሁሉ ከዚህ ጋር ይያያዛል።

ስሟ እንዴት ነው የሚነበበው?

"ሺርጉ" ነው። በላቲን ፊደል ሲጻፍ በኤክስ ስለሚጀምር "ዚርጉ" ወይም "ክሲርጉ" የሚሉ አሉ። ስሙ የካታሎኛ ነው፤ በካታሎኛ ደግሞ ያ ፊደል ቃል ሲጀምር "ሽ" ይሆናል። የሚገርመው፣ የማድሪዱ ስፔንኛ "ሽ" የሚባል ድምፅ የለውም። እኛ በአንድ ፊደል የምንገላገለውን እነሱ ምላሳቸው አይታዘዝላቸውም። ማርጋሪታ ደግሞ በካታሎኛ ማርጋሪዳ ነው። በሁለቱም ብትጠሯት አትሳሳቱም።

ከቴአትር ቤተሰብ ነው የወጣችው?

አይደለም። አባቷ ቁልፍ ሠሪ ነበር። ልጅ ሳለች ቤተሰቡ ወደ ባርሴሎና ገባ። እሷም ገና በለጋ ዕድሜዋ የመጋረጃና የልብስ ዘርፍ የሚሠራበት ቤት ተቀጥራ ትሠራ ነበር።

መድረኩን ያገኘችው በሠፈር ክበብ ነው። በዚያ ዘመን ካታሎኒያ ውስጥ በየሠፈሩ የሠራተኞችና የነዋሪዎች ክበብ ነበር። ብዙዎቹ ትንሽም ብትሆን መድረክ አላቸው። ቀን ሲሠራ የዋለ ሰው ማታ መጥቶ ይጫወታል። ክፍያ የለም። ሺርጉ እንዲህ ባለ ቦታ ላይ ነው በ1906 ከኤሚል ዞላ ልቦለድ የተወሰደውን "ቴሬዝ ራካን" የተጫወተችው። ከውሽማዋ ጋር ሆና ባሏን የምትገድል ሴት ናት። የ18 ዓመት ልጅ ይህን ሸክም ስትሸከም ያዩ ሰዎች ወሬውን አዛመቱ። በዚያው ዓመት የባርሴሎናው ሮሜአ ቴአትር ቀጠራት። ሮሜአ የካታሎኛ ቴአትር ዋና ቤት ነበር።

የ"ሰሎሜ" ውዝግብ ምንድን ነው?

በ1910 የኦስካር ዋይልድን "ሰሎሜ" በካታሎኛ ተጫወተች። ታሪኩን ከወንጌል እናውቀዋለን። የሄሮድያዳ ልጅ ጨፍራ የመጥምቁ ዮሐንስን ራስ በወጭት አስመጣች። ዋይልድ ግን ልጅቷን በዮሐንስ ፍቅር የተለከፈች አድርጎ ነው የጻፋት። በዚያ ላይ ዳንሱ አለ። በዚያ ላይ የሺርጉ ልብስ አለ፤ ለዘመኑ ዓይን ከተለመደው በላይ ገላ ያሳያል። ባርሴሎና ተንጫጫች። አንዱ ያደንቃል፣ ሌላው ያማርራል። ሁሉም ግን ስሟን ያነሳል።

የ22 ዓመት ልጅ ሳትሆን ነው ይህ የሆነው። ከዚህ በኋላም "ይሄ ያስወቅሰኝ ይሆን?" ብላ ተውኔት የመለሰች አይመስለኝም።

ካታሎኛ ተናጋሪ ሆና ማድሪድ ላይ እንዴት ነገሠች?

በቀላሉ አይደለም። አፍ የፈታችበት ካታሎኛ ነው፤ ያደገችበት ቴአትርም በካታሎኛ ነው። በ1913 ወደ ላቲን አሜሪካ ለመጀመሪያ ጊዜ ስትሄድ በስፔንኛ መጫወት ነበረባት። በ1914 ማድሪድ ገባች። ፕሪንሴሳ በሚባለው ቴአትር ቤት ታየች፤ ዛሬ ማሪያ ጌሬሮ የሚባለው ነው። የማድሪድ ሰው ደግሞ ጆሮው ስለታም ነው። የካታሎኛ ቅላጼዋን ያነሱባት ነበር።

አፋቸውን ካስያዙት ሰዎች አንዱ ቤኒቶ ፔሬስ ጋልዶስ ነው። ጋልዶስ የስፔን ታላቅ ልቦለድ ጸሐፊ ነበር። "ማሪያኔላ" የሚባል ልቦለድ አለው። መልኳ የማያምር አንዲት ድሃ ልጅ ዓይነ ስውር ወጣት እየመራች ትኖራለች። እሱ ሳያያት ይወዳታል። ኋላ ዓይኑ ይበራል፤ ነገሩም እዚያ ላይ ይበላሻል። በ1916 ኪንቴሮ የሚባሉት ወንድማማች ጸሐፍት ወደ ተውኔት ቀየሩት፤ ሺርጉ ማሪያኔላን ሆነች። በዚያን ጊዜ ጋልዶስ ራሱ ዓይኑ ጠፍቶ ነበር። የጻፋትን ልጅ ከመድረክ ላይ በድምፅ ብቻ ሰማት፤ አለቀሰ ይባላል። በ1918 ደግሞ "ሳንታ ሁዋና ደ ካስቲያ" የተባለውን ተውኔቱን እሷ መድረክ ላይ አወጣችለት። በ1920 ሞተ።

ፊልም ሠርታለች?

ሠርታለች፤ ግን ጥቂት። በ1910ዎቹ አጋማሽ ባርሴሎና ውስጥ ባርሲኖግራፎ የሚባል የፊልም ድርጅት ነበር። ሺርጉ ከአዘጋጁ ከማጊ ሙሪያ ጋር ድምፅ አልባ ፊልሞች ሠራች። አንዱ "ላ ሬይና ሆቨን" ነው፤ ወጣቷ ንግሥት ማለት ነው። ቀድማ በመድረክ የሠራችው የአንሄል ጊመራ ተውኔት ነው።

በሲኒማው አልገፋችበትም። አይፈረድባትም። ዋናው ሀብቷ ድምፅ የሆነን ሰው ድምፅ በሌለው ፊልም ላይ ማቆም ምን ይሉታል? ወደ ካሜራ የተመለሰችው ከሃያ ዓመት በላይ ቆይታ ነው። እሱን ወደ ታች አነሳዋለሁ።

ከሎርካ ጋር ሥራ የጀመሩት በምን ተውኔት ነው?

በ"ማሪያና ፒኔዳ"። ማሪያና የታሪክ ሰው ናት። ግራናዳ ውስጥ ለነፃነት ትግል ባንዲራ አስጠልፋለች ተብላ በ1831 በሞት የተቀጣች ሴት። ሎርካ ተውኔቱን ይዞ ብዙ ተንከራቷል። ምክንያቱ ግልጽ ነው። ስፔን ከ1923 ጀምሮ በጄኔራል ፕሪሞ ደ ሪቬራ አምባገነናዊ አገዛዝ ሥር ናት። በንጉሥ ላይ ስላመፀች ሴት የሚተርክ ተውኔት ማን ደፍሮ ያወጣል?

ሎርካና ሺርጉ የተገናኙት በ1926 ነው። እሺ አለችው። ተውኔቱም ጁን 24 ቀን 1927 ባርሴሎና ውስጥ በጎያ ቴአትር ታየ። የመድረኩን ሥዕል የሠራው የ23 ዓመቱ ሳልቫዶር ዳሊ ነበር። እስቲ አስቡት፤ ገና ስም ያልወጣለት ሎርካ፣ ገና ስም ያልወጣለት ዳሊ። ገንዘቡና ስሙ ግን የሺርጉ ነው። ዛሬ ሁለቱን ዓለም ያውቃቸዋል። የከፈለችላቸው ሴት ከግርጌ ቀረች።

ፍቅረኛሞች ነበሩ?

አልነበሩም። እሷ በአሥር ዓመት ትበልጠዋለች፤ ባለ ትዳርም ናት። ወዳጅነታቸው የሥራ ወዳጅነት ነው፤ ያም በጣም የጠነከረ።

የሎርካን ተውኔቶች በሙሉ መጀመሪያ የሠራችው እሷ ናት?

በሙሉ አይደለም። ብዙ ሰው እዚህ ላይ ይሳሳታል። "የደም ሠርግ" በ1933 ማድሪድ ላይ መጀመሪያ የታየው በሆሴፊና ዲያስ ደ አርቲጋስ ነው። ያንኑ ተውኔት በዚያው ዓመት ቡዌኖስ አይረስ ላይ ሰማይ ያደረሰችው ደግሞ ሎላ ሜምብሪቬስ ናት።

የሺርጉ ድርሻ ይህ ነው። "ማሪያና ፒኔዳ" በ1927። "ላ ሳፓቴራ ፕሮዲሂዮሳ"፣ የጫማ ሠሪው ጉደኛ ሚስት ማለት ነው፣ በ1930 የገና ዋዜማ በማድሪዱ ኤስፓኞል ቴአትር። "የርማ" በዚያው ቴአትር ዲሴምበር 29 ቀን 1934። "ዶኛ ሮሲታ" በዲሴምበር 1935 ባርሴሎና ላይ። "የበርናርዳ አልባ ቤት" ደግሞ ሎርካ ከሞተ በኋላ በ1945።

"ዶኛ ሮሲታ" የአበባ ቋንቋ ያለበት ተውኔት ነው። እጮኛዋን ስትጠብቅ ዕድሜዋ ያለፈ ሴት ታሪክ። ባርሴሎና ውስጥ ላስ ራምብላስ በሚባለው ጎዳና አበባ የሚሸጡ ሴቶች አሉ። ሎርካና ሺርጉ አንዱን ትርኢት በስማቸው ለነዚህ ሴቶች አደረጉላቸው። እኔ ከቁጥሩና ከቀኑ ሁሉ ይህችን ትንሽ ነገር ነው የምወዳት።

ሜሪዳ ላይ ምን ተደረገ?

ሜሪዳ በደቡብ ምዕራብ ስፔን ያለች ከተማ ናት። ሮማውያን ከክርስቶስ ልደት 15 ዓመት ገደማ በፊት የሠሩት ቴአትር እዚያ አለ። በዘመኑ ስድስት ሺህ ያህል ሰው ይይዝ ነበር። ከዚያ አፈር በላው። ዘመናዊ ቁፋሮው የተጀመረው በ1910 ነው።

በ1933 ሺርጉና አብሯት የሚያዘጋጀው ሲፕሪያኖ ደ ሪቫስ ቼሪፍ አንድ ሐሳብ አመጡ። የሮማዊውን የሴኔካን "ሜዴያ" በሮማውያን ቴአትር እናሳይ። ፈላስፋው ሚጌል ደ ኡናሙኖ ከላቲን ተረጎመው። ጁን 18 ቀን ታየ። ፍርስራሹ መሐል፣ ድንጋዩ ላይ፣ ባሏ ስለከዳት ልጆቿን የምታርድ ሴት ሆና ቆመች። ሰው ደግሞ ጥንት ሮማውያን በተቀመጡበት ደረጃ ላይ ተቀምጦ አያት።

ቀኑን ልብ በሉ። ጁን 18 የልደት ቀኗ ነው፤ 45 ዓመት ሞላት። ዛሬ ሜሪዳ ላይ በየክረምቱ የሚካሄደው የጥንታዊ ቴአትር ፌስቲቫል አጀማመሩን ወደዚያች ምሽት ነው የሚቆጥረው።

ፖለቲከኛ ነበረች?

ፓርቲ አልመራችም፣ ምርጫም አልተወዳደረችም። ግን በንጉሡ አገዛዝ ቦታ የተተካውን ሪፐብሊክ ትደግፍ ነበር፤ አልደበቀችውም። ከሪፐብሊኩ መሪ ከማኑዌል አሳኛ ጋር ወዳጅ ናት። ሪቫስ ቼሪፍ የአሳኛ ሚስት ወንድም ነው። አሳኛ ራሱ የጻፈውን ተውኔትም በ1931 ሠርታለታለች።

ችግሩ የጀመረው ቀደም ብሎ ነው። በ1931 ሪፐብሊኩ በታወጀ በሁለተኛው ወር የራፋኤል አልቤርቲን "ፌርሚን ጋላን" አወጣች። ንጉሡን ለመጣል አምፆ ስለተረሸነ ካፒቴን ነው። በተውኔቱ ውስጥ እመቤታችን ማርያም ጠመንጃ ይዛ ለሪፐብሊኩ ትዋጋለች። ይህን ያየ ሃይማኖተኛ ተመልካች ምን እንደሚል መገመት ነው። አዳራሹ ተተራመሰ።

የ"የርማ" መክፈቻ ምሽትም እንዲሁ ነበር። ልጅ ያጣች ሴት ታሪክ ነው። አሳኛ ከእስር የወጣው በዚያው ሰሞን ነው። መጋረጃው እንደተከፈተ ከላይኛው ፎቅ የቀኝ ክንፍ ወጣቶች ስድብ ያዘንቡ ጀመር። በሺርጉ ላይ፣ በአሳኛ ላይ። የቀረው ተመልካች ዝም አሰኛቸው። ተውኔቱም ቀጠለ፤ ከመቶ ጊዜ በላይ ታየ።

ለምን ከስፔን ወጣች? ሎርካስ ለምን አብሯት አልሄደም?

ስትወጣ ስደተኛ አልነበረችም። በጃንዋሪ 1936 መጨረሻ ላይ ከሳንታንዴር ወደብ ቡድኗን ይዛ በመርከብ ተሳፈረች። የሥራ ጉዞ ነው። ኩባ፣ ሜክሲኮ፣ ከዚያ ደቡብ አሜሪካ። ሲያልቅ ትመለሳለች። ሻንጣዋ የተመላሽ ሰው ሻንጣ ነበር።

ሎርካ ሜክሲኮ ላይ ሊቀላቀላት ተነጋግረው ነበር። ዛሬ ነገ ሲል ቆየ። በጁን 19 "የበርናርዳ አልባ ቤት"ን ጽፎ ጨረሰ። በጁላይ አጋማሽ ወደ ቤተሰቦቹ ወደ ግራናዳ ወረደ። በዚያው ሳምንት የነጄኔራል ፍራንኮ አመፅ በሪፐብሊኩ ላይ ፈነዳ፤ የእርስ በርስ ጦርነቱ ተጀመረ፤ ግራናዳ በአመፀኞቹ እጅ ወደቀች። በኦገስት 1936 አውጥተው ገደሉት። 38 ዓመቱ ነበር። አስከሬኑ እስከ ዛሬ አልተገኘም።

ስለዚህ ወቅት ተዋንያን የሚያወሩት አንድ ታሪክ አለ። የ"የርማ" የመጨረሻ ንግግር "ልጄን የገደልኩት እኔው ነኝ" የሚል ነው። ሺርጉ የሎርካ መርዶ በደረሳት ምሽት ተውኔቱን እየተጫወተች ነበር፤ መጨረሻው ላይ ስትደርስ "ልጄን ገደሉብኝ" አለች ይባላል።

"የደም ሠርግ" ፊልም ላይ እሷ ናት ያለችው?

አዎ። በ1938 አርጀንቲና ውስጥ የተሠራው ነው። አዘጋጁ ኤድሙንዶ ጊቡርግ የቴአትር ሐያሲና ጋዜጠኛ ነበር። ሺርጉ እናትየውን ሆና ትጫወታለች። ባሏንና አንድ ልጇን በደም መላሽ ያጣች፣ የቀራትን አንድ ልጅ ለመዳር ሽር ጉድ የምትል እናት። ያም ልጅ በሠርጉ ቀን ይሞትባታል።

እውነቱን ለመናገር ፊልሙ እንደ ፊልም ብዙ አያስደንቅም። ካሜራው ብዙውን ጊዜ ቴአትር ቤት የተቀመጠ ተመልካች ይመስላል። ግን ሌላ የት ታገኟታላችሁ? ሺርጉን በድምፅና በምስል፣ የሎርካን ቃል ስትናገር ለማየት ያለን ይህ ነው። የ50 ዓመት ሴት ናት። ሎርካ ከሞተ ሁለት ዓመቱ ነው። ጦርነቱ ገና አላለቀም። ልጇን ለተነጠቀች እናት የተጻፈውን ሙሾ ስትለው ተመልከቷት። ስለ ካሜራው ያላችሁትን ትረሳላችሁ።

"የበርናርዳ አልባ ቤት" ለምን ስፔን ላይ አልተከፈተም?

የት ይከፈት? ጦርነቱን ፍራንኮ አሸንፎ አገሩን ይዟል። ደራሲው የተገደለ፣ ስሙ የሚያስፈራ። ጽሑፉን ቤተሰቡ ይዞት ቆየ። ሺርጉ ማርች 8 ቀን 1945 ቡዌኖስ አይረስ ላይ በአቬኒዳ ቴአትር ለዓለም ለመጀመሪያ ጊዜ አሳየችው። በርናርዳን ራሷ ተጫወተች። ባሏ ሲሞት አምስት ሴት ልጆቿን ለስምንት ዓመት ሐዘን ቤት የምትቆልፍ እናት ናት። "ዝም በሉ!" ማለት የሚቀናት። በነፍራንኮ ዘመን ይህ ቃል ለማን እንደሚነገር ለመረዳት ሊቅ መሆን አይጠይቅም። በማድሪድ ትልቅ መድረክ ላይ የታየው በ1964 ነው፤ ከ19 ዓመት በኋላ።

ጦርነቱ ሲያልቅ መመለስ አልፈለገችም?

ፈልጋለች። የፍራንኮ ፍርድ ቤት ግን በሌለችበት ፈርዶባታል። ንብረቷ ተወረሰ፤ ሥራ ላይ እንዳትሰማራም ታገደች። ጥፋቷ ምንድን ነው? ጠመንጃ አልያዘችም። የሠራቻቸው ተውኔቶችና የወዳጆቿ ስም ነው።

በ1949 ለመመለስ አሰበች። ነገሩ ሲሰማ የማድሪድ ጋዜጣ ላይ መርዘኛ ጽሑፍ ወጣባት። ተወችው። በዚያው ዓመት አርጀንቲናም ፊት ነሳቻት። የፈረንሳዊውን ጸሐፊ የአልቤር ካሙን "አለመግባባት" ቡዌኖስ አይረስ ላይ አወጣች፤ የፕሬዚዳንት ፔሮን መንግሥት አገደው። እሷም የላ ፕላታን ወንዝ ተሻግራ ሞንቴቪዴዮ ገባች።

ዑራጓይ ውስጥ ምን ሠራች?

ብዙ ሰው "ስደት ላይ ሞተች" ብሎ እዚህ ላይ ይዘጋል። እኔ ግን ግማሹ ታሪክ እዚህ ነው እላለሁ።

ከዚያ በፊት ቺሌ ሳንቲያጎ ውስጥ የድራማ ትምህርት ቤት አቋቁማ ነበር። ሞንቴቪዴዮ ላይ ደግሞ ኮሜዲያ ናሲዮናል የሚባለው ብሔራዊ የቴአትር ቡድን ከተመሠረተ ገና ሁለት ዓመቱ ነው። ወጣቶች ናቸው፤ ጉጉት አለ፣ ልምድ የለም። ሺርጉ መጣችና ተውኔቶች አዘጋጀችላቸው፤ ከጥንቱ ከ"ላ ሴለስቲና" ጀምሮ። በ1949 የከተማው የድራማ ትምህርት ቤት ተከፈተ፤ እስከ 1957 መራችው። ተዋናይቷ ቺና ሶሪያ በእሷ አዘጋጅነት ተጫውታለች። ኤስቴላ ሜዲና ደግሞ ከመጀመሪያዎቹ ተማሪዎች አንዷ ናት። የደቡብ አሜሪካን ቴአትርና ፊልም የምታውቁ እነዚህ ስሞች ምን ያህል እንደሚመዝኑ አይጠፋችሁም። ትምህርት ቤቱ ዛሬም አለ፤ የሚጠራው በስሟ ነው።

በ1953 ደግሞ ሳልቶ በምትባል ከተማ፣ ዑራጓይ ወንዝ ዳር፣ ጸሐፊው ኤንሪኬ አሞሪም ለሎርካ ሐውልት አቆመ። ስፔን ውስጥ ስሙን ማንሳት በሚከብድበት ጊዜ ነው። ሺርጉ ቡድኑን ይዛ ሄደች። ወንዙ ዳር "የደም ሠርግ"ን መጨረሻ ተጫወቱ። መቃብር የሌለው ሰው ለቅሶ የተደረገለት ያን ቀን ነው ብል ማጋነን አይሆንብኝም።

ከማሪያ ካሳሬስ ጋር ያገናኛቸው ምንድን ነው?

ማሪያ ካሳሬስ የፈረንሳይ መድረክና ሲኒማ ታላቅ ተዋናይት ናት። ትውልዷ ግን ስፔን ነው፤ ጋሊሲያ። አባቷ ሳንቲያጎ ካሳሬስ ኪሮጋ ጦርነቱ ሲፈነዳ የሪፐብሊኩ ጠቅላይ ሚኒስትር ነበር። ልጅቷ በ14 ዓመቷ ፓሪስ ገባች።

ነገሩ ሲገጣጠም እንዲህ ነው። ሺርጉ ላይ የታገደው የካሙ "አለመግባባት" በ1944 ፓሪስ ላይ ሲከፈት ማርታን የተጫወተችው ካሳሬስ ናት። በ1963 ደግሞ ካሳሬስ ቡዌኖስ አይረስ ድረስ መጥታ "የርማ"ን ተጫወተች፤ በስፔንኛ። አዘጋጇ ማን ናት? ሺርጉ። አንዷ ከባርሴሎና፣ አንዷ ከጋሊሲያ፣ ሁለቱም አገራቸው መግባት የማይችሉ። ማድሪድ ላይ መሆን የነበረበት ልምምድ ቡዌኖስ አይረስ ላይ ሆነ።

ትዳር፣ ልጅ?

ሁለት ጊዜ አግብታለች። የመጀመሪያ ባሏ ጁዜፕ አርናል በ1936 ሞተ። በ1941 የቡድኗ ባልደረባ የነበረውን ሚጌል ኦርቲንን አገባች። ልጅ አልወለደችም።

በስተርጅናዋ መድረኩን ተወች?

ማን፣ እሷ? በ1967፣ ዕድሜዋ ወደ ሰማንያ ሲጠጋ፣ አሜሪካ ማሳቹሴትስ ሄዳ ስሚዝ ኮሌጅ ውስጥ "የርማ"ን ከተማሪዎች ጋር አዘጋጀች። ለዓመታት የሳንባ ሕመም ነበረባት። ሁለት ዓመት ቆይታ አረፈች።

"አይናዳማር" የሚባለው ኦፔራ ስለ እሷ ነው?

አዎ። የአርጀንቲናው ተወላጅ ኦስቫልዶ ጎሊሆቭ ያቀናበረው ነው፤ መጀመሪያ የታየው በ2003 አሜሪካ ውስጥ ነው። ታሪኩ በ1969 ሞንቴቪዴዮ ላይ ይጀምራል። ሺርጉ "ማሪያና ፒኔዳ"ን ልትጫወት ከመጋረጃው ጀርባ ቆማ የድሮውን ታስታውሳለች። በ2024 ኒውዮርክ ሜትሮፖሊታን ኦፔራ ላይም ቀርቧል።

ስሙ ከዓረብኛ የመጣ ነው፤ የእንባ ምንጭ ማለት ነው። ሎርካ የተገደለበት አካባቢ ያለ ምንጭ ነው። "አይን" የሚለው እኛም "የምንጭ ዓይን" ስንል የምንጠቀምበት ያው ቃል ነው። አስተርጓሚ አያስፈልገንም።

የት ተቀበረች?

መጀመሪያ እዚያው ሞንቴቪዴዮ። ፍራንኮ በ1975 ሞተ። በ1988፣ የተወለደችበት መቶኛ ዓመት ሲከበር፣ አፅሟ ወደ ካታሎኒያ ተወሰደ። አሁን ሞሊንስ ደ ሬይ ነው ያለችው። ለሥራ ብላ የሄደችበት ጉዞ 52 ዓመት ፈጀ።